ስለ ኖኪያ ኤን 97 ስልክና የዕቃ ዝርዝር ብቻ አይቶ ስለ ማዘዝ

ከውጭ አገር ዕቃ የሚያስመጣ ነጋዴ ገንዘቡን ከማውጣቱ አስቀድሞ በእጁ የሚገባው ነገር ወረቀት ነው። ይኸውም የፋብሪካው ካታሎግ፣ የዋጋ ማቅረቢያው፣ የዕቃው ዝርዝርና ሥዕሉ ነው። ዕቃው ራሱ ግን በመርከብ ወይም በአውሮፕላን ተጭኖ፣ ቀረጥ ተከፍሎበት መጋዘን እስኪገባ ድረስ ብዙ ጊዜ ለዓይን አይታይም። ሣጥኑ በተከፈተ ጊዜ ደግሞ ገንዘቡ ከባንክ ወጥቶ አልቋል። ስለዚህ ወረቀትን አጣርቶ ማንበብ ከአስመጪነት ሥራ ዋነኛው ክፍል መሆኑ አያጠራጥርም። ሆኖም ብዙዎቹ የሚያነቡት ቍጥሩን ብቻ ነው፤ ወረቀቱ ስለ ምን እንደ ተናገረና ስለ ምን ዝም እንዳለ የሚመረምሩት ጥቂቶች ናቸው።

ለዚህ ጕዳይ ኖኪያ ኤን 97 የተባለውን ስልክ ያህል ግልጥ ምሳሌ የሚሆን ዕቃ ማግኘት ያስቸግራል። ስልኩ ለገበያ ከቀረበ ከዐሥራ አምስት ዓመት በላይ ሆኖታል፤ ዛሬ በአዲስነቱ የሚሸጠው ፋብሪካ የለም። ዳሩ ግን በነጋዴው ላይ ያደረሰው ነገር ገና አላረጀም፤ ይልቁንም በያዝነው ዘመን በሌላ ስም እየተደገመ ነው። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።)

ኖኪያ የፊንላንድ አገር ኵባንያ ሲሆን፣ በዚያን ጊዜ በዓለም ከሚሸጡት ስማርት ስልኮች ከሦስቱ አንዱን የሚያህል፣ እንዲያውም የሚበልጥ፣ የሚሸጠው እርሱ ነበር። በ2007 ለገበያ ያቀረበው ኤን 95 የተባለው ስልክ ባለ 5 ሜጋፒክስል ካሜራና መንገድ አመልካች ይዞ በመውጣቱ ትልቅ ስም አትርፎለት ነበር። በዚያው ዓመት አፕል የተባለው የአሜሪካ ኵባንያ አይፎንን አወጣ፤ በ2008 ደግሞ ለስልኩ የአፕሊኬሽን መሸጫ ከፈተ። ኖኪያ መልሱን በዲሴምበር 2 ቀን 2008 ባርሴሎና ላይ ለዓለም አሳየ። ኤን 97 ያ መልስ ነው። ለሕዝብ መሸጥ የጀመረው በጁን 2009 ሲሆን፣ ዋጋው ግብር ሳይጨመርበት 550 ዩሮ ይሆናል ተብሎ አስቀድሞ ተነግሮ ነበር።

ዝርዝሩን ያነበበ ነጋዴ ቢማረክ አይፈረድበትም። 3 ነጥብ 5 ኢንች ስፋት ያለው በጣት የሚነካ ስክሪን፤ ስክሪኑ ወደ ላይ ተንሸራቶ ቀና ሲል ከሥሩ ብቅ የሚል የፊደል ገበታ፤ ካርል ዛይስ የተባለው የጀርመን ኵባንያ ስም ያለበት ሌንስ የተገጠመለት ባለ 5 ሜጋፒክስል ካሜራ፤ መንገድ አመልካች፤ ሬድዮ፤ ከዚህም ሌላ በስልኩ ውስጥ ያለውን ሙዚቃ ወደ መኪና ሬድዮ የሚያስተላልፍ ትንሽ ማሠራጫ ነበረው። ከሁሉ በላይ ደግሞ ሰውን ያስደነቀው 32 ጊጋባይት ማከማቻው ነው። በዚህ ላይ 16 ጊጋባይት ካርድ ሲጨመርበት 48 ይሆናል። በዚያ ዘመን ይህን ያህል ማከማቻ በአንድ ስልክ ውስጥ ማየት እንግዳ ነገር ነበር። ባትሪው 1500 ሚሊአምፔር-ሰዓት ሆኖ በእጅ የሚወጣ የሚገባ ነው። አንድ ባለሱቅ ይህን ሁሉ በካርቶን ጽፎ ከመስተዋቱ ኋላ ቢሰቅል፣ መንገደኛው ሁሉ ቆሞ እንደሚያነብለት የታወቀ ነው።

ነገር ግን በዚያ ረዥም ዝርዝር ውስጥ፣ ካለም በታችኛው ጫፍ በደቃቅ ፊደል፣ አንድ ሌላ ቍጥር ነበር። የስልኩ ራም 128 ሜጋባይት ብቻ ነው። ከዚያም ውስጥ ስልኩ ገና በርቶ ምንም ሳይሠራበት ራሱ የሚይዘው ከፍተኛው ክፍል ነው። የዚህን ትርጕም ለነጋዴ ማስረዳት ቀላል ነው። 32 ጊጋባይቱ መጋዘን ነው፤ ራሙ ደግሞ ዕቃ ተዘርግቶ ለደንበኛ የሚታይበት የሱቁ ባንኮኒ ነው። መጋዘኑ የቱንም ያህል ቢሰፋ፣ ባንኮኒው የአንድ ክንድ ያህል ከሆነ ደንበኛ ሁለተኛውን ዕቃ ለማየት የመጀመሪያው እስኪነሣ ድረስ መጠበቅ አለበት። በኤን 97 ላይ የሆነው ይኸው ነው። ተጠቃሚው ኢንተርኔት ከፍቶ እያነበበ ሳለ ካሜራውን ቢነካ፣ ይነበብ የነበረው ገጽ ሳይነገረው ይዘጋበታል፤ አንዳንድ ጊዜም ማስታወሻ ሞልቷል የሚል ጽሑፍ ይመጣበታል።

ሁለተኛው ነገር የባሰ ነበር። አያሌ አፕሊኬሽኖች፣ እንዲሁም ስልኩ በሥራ ላይ ሳለ የሚፈጥራቸው ጊዜያዊ ፋይሎች፣ ወደ ሰፊው መጋዘን የሚገቡ አልነበሩም። የሚቀመጡት ስልኩ ለራሱ በለየው በሌላ ጠባብ ስፍራ ሲሆን፣ በዚያ ስፍራ ለተጠቃሚው የሚተርፈው ወደ 50 ሜጋባይት ግድም ነበር። እርሱ በሞላ ጊዜ ስልኩ ይደክማል፤ አዲስ ነገርም አልቀበልም ይላል። ባለቤቱ ግን 32 ጊጋባይት እንደ ገዛ ያውቃል፤ ቢመለከትም አብዛኛው ባዶ ሆኖ ያየዋል። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ የሚባለው ለዚህ ዓይነቱ ሀብት ነው። በእንዲህ ያለ ጊዜ ገዢው ሄልሲንኪ ድረስ ደብዳቤ አይጽፍም፤ ስልኩን ይዞ የሚመጣው ወደ ሸጠለት ሱቅ ነው።

በዚያው በጁን 2009 አፕል አይፎን 3ጂኤስ የተባለውን አወጣ። ዝርዝሩ ከኤን 97 ጎን ቢቀመጥ ያሳዝናል። ካሜራው 3 ሜጋፒክስል ነው፤ ሬድዮ የለውም፤ የፊደል ገበታ የለውም፤ ካርድ አይቀበልም፤ ባትሪው አይወጣም። ነገር ግን ራሙ 256 ሜጋባይት ነበር፤ ይኸውም የኤን 97 እጥፍ ነው። ስክሪኑም ጣት ገና ሲነካው የሚታዘዝ ዓይነት ነበር። የኤን 97 ስክሪን ግን ጫን ተብሎ የሚነካ ሆኖ፣ በዚያም ላይ አንዱን ነገር ለመክፈት አንድ ጊዜ፣ ሌላውን ለመክፈት ሁለት ጊዜ መንካት ያስፈልግ ነበር። ለምን እንዲህ እንደ ሆነ የሚጠይቅ ገዢ በመጣ ጊዜ ሻጩ የሚመልሰው ነገር አልነበረውም። በዝርዝር ብቻ ያወዳደረ አስመጪ አምስት ለአንድ ለኖኪያ ይፈርዳል። ገበያው የፈረደው ግን ለዚያች ለአንዲቱ ነው።

ስለ ካሜራው ሽፋን የሚነገረውም መታለፍ የለበትም። ሌንሱን ከጭረት ለመጠበቅ በጣት የሚንሸራተት መክደኛ ተሠርቶለት ነበር። አሳቡ መልካም ነው። ሆኖም በመጀመሪያ በተሠሩት ስልኮች ላይ በመክደኛውና በሌንሱ መካከል አቧራ እየገባ፣ መክደኛው በተከፈተና በተዘጋ ቍጥር መስተዋቱን ይሞርደው ጀመር። ሊጠብቀው የተሾመው ራሱ ጐዳው። ፎቶግራፉም ጭጋግ የለበሰ ይመስል ነበር። ይህ ጕድለት በማንኛውም ዝርዝር ላይ ሊጻፍ የማይችል፣ በአንድ ቀን ሙከራም የማይገኝ ነው። የሚታወቀው ስልኩ በአንድ ሰው ኪስ ውስጥ ጥቂት ሳምንታት ሲሰነብት ብቻ ነው። አቧራ በበዛበት አገር ደግሞ ቶሎ ይታወቃል።

የፊደል ገበታው ሦስት ረድፍ ብቻ ስለ ነበረና የቃላት መለያው ቍልፍ ወደ ቀኝ ጥግ ስለ ተገፋ ያጕረመረሙም ነበሩ፤ ይህ ግን የልማድ ጕዳይ ስለ ሆነ ብዙ አያከራክርም።

ስልኩ በመጀመሪያ አልተሸጠም ማለት አይደለም። በጥቂት ወራት ውስጥ ወደ ሁለት ሚሊዮን የሚጠጋ ተሽጧል። ነጋዴ ሊያስተውለው የሚገባው ይህን ነው፤ ዝርዝር ዕቃን አንድ ጊዜ ይሸጣል። ሁለተኛውን ጊዜ የሚሸጠው ጠባዩ ነው። ኖኪያ ቅሬታው በበረታ ጊዜ በኦክቶበር 2009 የሶፍትዌር ማሻሻያ አወጣ፤ ስልኩም በርግጥ ቀለል አለው። ነገር ግን ሶፍትዌር ባንኮኒውን ሊያሰፋው አይችልም። ከዚህም በቀር ማሻሻያውን ለመጫን ደኅና የኢንተርኔት መሥመር ወይም ኮምፒዩተር ያስፈልግ ነበር። በዚያን ጊዜ በኢትዮጵያ የኢንተርኔት አገልግሎት የሚሰጠው አንድ መሥሪያ ቤት ብቻ መሆኑን አንባቢያን ያስታውሳሉ፤ መሥመሩም ምን ያህል ቀጭን እንደ ነበረ የሚረሳው የለም። ከአውሮፓ ወይም ከዱባይ በሻንጣ የመጣ ስልክ እንደ መጣ የሚቀርበት አገር ነበር። አምራቹ ኋላ አስተካክለዋለሁ የሚለው ዕቃ፣ ማስተካከያው በማይደርስበት ገበያ፣ እንደ ተበላሸ ይቈጠራል።

በመጨረሻም የኵባንያው ከፍተኛ ሹም የነበሩት ሚስተር አንሲ ቫንዮኪ፣ ስልኩ ለተጠቃሚዎች በሰጠው አገልግሎት ረገድ ትልቅ ቅሬታ ያሳደረ መሆኑን በ2010 በግልጥ ተናገሩ። አንድ ፋብሪካ ጕድለቱን በአደባባይ ማመኑ ያስመሰግነዋል፤ ብዙዎች አያደርጉትም። ይሁን እንጂ ቃሉ የመጣው ስልኩ ከተሸጠ ከብዙ ወራት በኋላ ነው። እስከዚያ ድረስ በየሱቁ መደርደሪያ ፊት ቆሞ ወቀሳውን የተቀበለ ማን እንደ ሆነ መገመት አያዳግትም።

ነጋዴን ከሁሉ ይልቅ ሊያሳስበው የሚገባው ግን የታናሽ ወንድሙ ነገር ነው። በሴፕቴምበር 2009 ኖኪያ ኤን 97 ሚኒ የሚባል ሌላ ስልክ አሳየ። ዋጋው ግብር ሳይጨመር 450 ዩሮ ነው። ማከማቻው ከ32 ወደ 8 ጊጋባይት ወርዷል፤ ስክሪኑ ወደ 3 ነጥብ 2 ኢንች አንሷል፤ ባትሪውም እንዲሁ አንሷል፤ የሌንሱ መክደኛ ጨርሶ ቀርቷል። በወረቀት ላይ የተቀነሰ እንጂ የተጨመረ ነገር አይታይም። ዳሩ ግን ለሥራ የሚተርፈው ውስጣዊ ስፍራ ሰፋ ብሎለት፣ ከታላቁ ይልቅ ሳይደናቀፍ የሚሠራና እጅ የሚወደው ስልክ ሆነ። እንግዲህ ሁለቱን በካታሎግ ብቻ አይቶ የሚያዝ አስመጪ፣ ያለ ጥርጥር በውድ ዋጋ የከፋውን ይመርጥ ነበር። ይህ አጋጣሚ አይደለም፤ ቍጥር ቈጥሮ ማዘዝ ሁልጊዜ ወደዚህ ይመራል።

በዚህ ላይ ተቃዋሚ አይጠፋም። አንዳንዶች ስልኩን የጣለው የአይፎን ተወዳዳሪነት ነው እንጂ ጕድለቱ አይደለም ይላሉ። አይፎን ባይኖር ኖሮ ገዢው በኤን 97 ላይ የደረሰበትን መዘጋትና መዘግየት አያይም ነበርን? ያይ ነበር፤ የሚሄድበት አጥቶ ይታገሥ ነበር እንጂ። ሌሎች ደግሞ ነጋዴ መሐንዲስ አይደለም፤ ገዢው ራሱ የሚጠይቀው ስንት ጊጋ ነው፣ ካሜራው ስንት ነው እያለ ስለ ሆነ፣ የተጠየቀውን ማቅረብ የነጋዴ ግዴታ ነው ይላሉ። ይህኛው ክርክር ከባድ ነው፤ እውነትም አለበት። በመርካቶም ሆነ በቦሌ ስልክ ሊገዛ የገባ ሰው ከዋጋው ቀጥሎ የሚጠይቀው ያንኑ ቍጥር ነው። ገዢው ግን እንዲህ የሚጠይቀው ሌላ የሚጠይቀውን ስላላወቀ፣ ይልቁንም ሻጩ ሌላ ነገር ስላልነገረው ነው። ሽንብራ የሚገዛ ሰው ከጆንያው ውስጥ እጁን ከቶ ያያል። ጨርቅ የሚገዛ ዳሰስ፣ ሳብ ያደርጋል። ስልክ የሚገዛ ግን በፕላስቲክ የታሸገ ሣጥን ላይ ያለውን ጽሑፍ አምኖ ይሄዳል። ያን እምነት የሚሸከመው የሱቁ ስም ነው።

ለዚህ ነው ነገሩ የጥንት ታሪክ ብቻ ያልሆነው። ዛሬ ወደ አገር ከሚገቡት ርካሽ ስልኮች ብዙዎቹ በሣጥናቸው ላይ 16 ጊጋባይት ራም የሚል ጽሑፍ በትልቁ ይዘዋል። ከሥሩ በደቃቅ ፊደል 8 ሲደመር 8 የሚል አለ። ሁለተኛው ስምንት እውነተኛ ራም አይደለም፤ ከማከማቻው ላይ የተበደረ፣ ፍጥነቱም ከእውነተኛው እጅግ የሚያንስ ስፍራ ነው። ከመጋዘን ወለል ላይ ጥቂት ክንድ ለክቶ ባንኮኒ ነው ብሎ እንደ መቍጠር ያለ ነው። ጽሑፉ ሐሰት ነው ለማለት አይቻል ይሆናል፤ የ8 ሲደመር 8 ሒሳብ 16 መሆኑን የሚክድ የለም። ይሁን እንጂ ይህን ሳይነግር 16 ብሎ የሸጠ ባለሱቅ፣ ገዢው ከጎረቤቱ ሰምቶ በተመለሰ ጊዜ ምን ይለዋል? ፋብሪካው ስሙን ለውጦ በሌላ ማርክ ሊመጣ ይችላል። ባለሱቁ ግን ያው በዚያው በር ቆሞ የሚገኝ ነው።

አስመጪው በሕግ የሚከራከርበት መንገድም ጠባብ ነው። በኤልሲ በሚፈጸም ግዢ ባንኩ የሚመረምረው ሰነድን እንጂ ዕቃን አይደለም። የጭነቱ ደረሰኝ፣ ፋክቱሩና የዕቃው ዝርዝር ከተስማሙ ገንዘቡ ይከፈላል። በትእዛዙ ላይ ኖኪያ ኤን 97፣ 32 ጊጋባይት፣ ጥቁር ተብሎ ከተጻፈና የመጣውም ይኸው ከሆነ፣ ሻጩ ቃሉን ፈጽሟል። ስልኩ ቀርፋፋ ነው የሚል አቤቱታ በፋይል ውስጥ ቢቀመጥ ገንዘብ አያስመልስም፤ ቀርፋፋ እንዳይሆን የሚል ቃል በትእዛዙ ውስጥ የለምና። የውጭ ምንዛሪ ለማግኘት ወራት የጠበቀ ነጋዴ ያን ገንዘብ በማይንቀሳቀስ ዕቃ ላይ ባሰረ ጊዜ የሚደርስበት ጕዳት ከዕቃው ዋጋ በላይ ነው።

ለኤን 97 ራሱ ግን ቅንነት ይገባዋል። ባትሪው በእጅ የሚወጣ መሆኑ፣ የተለመደው የጆሮ ማዳመጫ የሚሰካበት መሆኑ፣ ሬድዮ መያዙ፣ መብራት በሚጠፋበትና ሰው በመንገድ በሚሰነብትበት አገር ትልቅ ቁም ነገር ነበር። ሁለተኛ ባትሪ በኪሱ የያዘ ነጋዴ ከአዲስ አበባ ጎንደር ደርሶ እስኪመለስ ድረስ ስልኩ አይዘጋበትም። ኋላ የመጡት ውድ ስልኮች ይህን ሁሉ አንድ በአንድ አስቀርተውታል። የአውሮፓ ኅብረት በ2023 ባወጣው የባትሪ ደንብ፣ ከ2027 ጀምሮ በገበያው ላይ የሚቀርቡ ዕቃዎች ባትሪያቸው በአብዛኛው በተጠቃሚው እጅ ሊወጣና ሊለወጥ የሚችል እንዲሆን አዟል። ስለዚህ በዝርዝሩ ውስጥ የነበረው ሁሉ ከንቱ ነበር ማለት ስሕተት ይሆናል። ከንቱ ያደረገው ሁሉም የሚቆሙበት መሠረት መጥበቡ ነው። ኖኪያም ይህን ተረድቶት ኖሮ በ2010 ያወጣው ኤን 8 የተባለው ስልክ 256 ሜጋባይት ራም ነበረው፤ ነገር ግን በዚያን ጊዜ ገዢው ፊቱን አዙሯል። በፌብሩዋሪ 2011 ኵባንያው ሲምቢያን የተባለውን የስልኮቹን ሥርዐት ትቶ ከማይክሮሶፍት ጋር ተዋዋለ፤ በ2014 የስልክ ሥራውን በሙሉ ለማይክሮሶፍት አስረከበ። ይህን ሁሉ ያመጣው አንድ ስልክ ነው ማለት አይቻልም፤ ለኪሳራው በር ከከፈቱት አንዱ መሆኑን ግን የሚጠራጠር ጥቂት ነው።

እንግዲህ ስልክ አስመጪዎች ምን ያድርጉ ለሚለው፣ መልሱ ብዙ ወጪ የሚጠይቅ አይደለም። ከትልቁ ትእዛዝ አስቀድሞ ሁለት ወይም ሦስት ናሙና ማስመጣት ነው። ናሙናውም በመስተዋት ውስጥ የሚቀመጥ ሳይሆን፣ ሲም ገብቶበት፣ በሱቁ ሠራተኛ ኪስ ሆኖ፣ ቢያንስ አንድ ወር የሚሠራበት ይሁን። በአማርኛ ፊደል መጻፍና ማንበብ መቻሉ ይታይ፤ ፎቶግራፍ፣ ሙዚቃና መልእክት ተጭኖበት ከሞላ በኋላ እንዴት እንደሚሆን ይታይ፤ ገና ከሣጥን የወጣ ስልክ ሁሉ ፈጣን ነውና። ለአምራቹ ወይም ለወኪሉ በሚጻፈው ደብዳቤ ላይ ደግሞ በካታሎግ የሌለውን መጠየቅ ያስፈልጋል፤ ስልኩ ገና እንደ በራ ለተጠቃሚው የሚተርፈው ራምና ማከማቻ ስንት ነው? የሶፍትዌር ማሻሻያ እስከ መቼ ይሰጠዋል? ስክሪንና ባትሪ በመለዋወጫነት አብረው ይላካሉን? መልሱ በጽሑፍ ሲመጣ ከትእዛዙ ጋር ይያያዝ፤ ያን ጊዜ ቃሉ የውሉ ክፍል ይሆናል። ወኪሉ ለእንዲህ ያለ ደብዳቤ መልስ ካልሰጠ፣ ዝምታውም መልስ ነው።

የናሙናው ዋጋና የአንድ ወር መዘግየት የሚከብዳቸው አሉ። ሌላው ነጋዴ ቀድሞ ያስገባል ብለው ይሠጋሉ። በ2009 በጁን ወር ቸኵሎ ኤን 97ን ያስገባ በ550 ዩሮ ሒሳብ ገዛ፤ እስከ መኸሩ የታገሠ ደግሞ ሚኒውን በ450 ሊገዛ ይችል ነበር። የተፈተነውን ናሙና በተመለከተ፣ ወሩ ካለቀ በኋላ ለሱቁ ጸሐፊ ወይም ለሾፌሩ ቢሰጥ ወጪው ከአንድ ትንሽ ማስታወቂያ ዋጋ አይበልጥም፤ ደንበኛ ስለ ስልኩ በጠየቀ ጊዜም ከሣጥኑ ጽሑፍ ሌላ የሚናገረው ያለው ሠራተኛ በሱቁ ውስጥ ይገኛል።